ግራጫ መኪናችሁ ተጭሮ ከሆነ፦ የትኛው ግራጫ ነው፣ በየትኛው መንገድስ ቢቀባ ይሻላል

ከጀሞ እስከ ሰበታ ያለውን መንገድ ወይ ደግሞ በወዲያ በኩል ከቃሊቲ እስከ ቱሉ ዲምቱ ያለውን ተከትላችሁ ብትሄዱ ደጁ ላይ ግራጫ ወይ ሲልቨር መኪና ያልቆመበት ቀለም ቤት አታገኙም ብል ብዙም አላጋነንኩም፣ ተቀብቶ ወጥቶ ፀሀይ ሲያገኘው በሩ ሌላ ፓራፋንጎው (የፊት ጎማውን ከላይ የሚሸፍነው ላሜራ) ሌላ ሆኖ የሚታይ ቪትዝም እንደዛው ሞልቷል። ባለቤቱ ቀለም የበጠበጠውን ይወቅሳል፣ በጥባጩ ቀቢውን ይላል፣ ቀቢው ደግሞ "መኪናው አርጅቶ ነው" ይላል፣ ሶስቱም ትንሽ ትንሽ እውነት አላቸው። እኔ ግን እስከመጨረሻው የምከራከረው አንድ ነገር ነው፦ ግራጫ ላይ ብራችሁን ቀለሙን ደጋግሞ ለማስበጥበጥ አትጨርሱት፣ አዲሱ ቀለም መኪናው ላይ የት ጋ ነው የሚያልቀው ለሚለው ጥያቄ አስቀምጡት። ለምን እንደሆነ ወደታች እመጣበታለሁ።

መጀመሪያ የያዛችሁት ግራጫ የቱ ነው

መኪናውን በደንብ አጥቡትና የስልካችሁን ባትሪ አብርታችሁ በቅርብ እዩት። ምንም የሚያብለጨልጭ ነገር ከሌለው ሶሊድ ነው። ብርማ ቅንጣቶች ካሉት ሜታሊክ ነው። ቅንጣቶቹ ባትሪውን ስታንቀሳቅሱት ወደ ሰማያዊ ወይ ወደ ወርቃማ ምናምን የሚሄዱ ከሆነ ፐርል ነው፣ ማይካ የሚሉትም አሉ። ይሄን ሳታውቁ "ግራጫ ነው ስንት ነው" ብላችሁ ዋጋ ከጠየቃችሁ የሚነገራችሁ ዋጋ ዝም ብሎ ግምት ነው።

ሜታሊክ ውስጥ ያለው ብልጭታ ስስ የአሉሚኒየም ቅንጣት ነው፣ ቅንጣቶቹ ቀለሙ ውስጥ ተኝተው ከደረቁ ፊት ለፊት ስታዩት ያበራል ከጎን ስታዩት ይጠቁራል። ከፉሪ ተራራ ወደታች አዲስ የቆርቆሮ ጣሪያ ስታዩ አንዱ ዓይን ሲወጋ አጠገቡ ያለው ጥቁር የሚመስለው ነገር ማለት ነው፣ ሁለቱም ያው ቆርቆሮ ናቸው፣ የተኙበት አቅጣጫ ነው የተለያየው። ስለዚህ ከአንድ ጣሳ የተቀዳ ሜታሊክ ግራጫ ሁለት ሰው ቢረጨው ሁለት ግራጫ ሊወጣ ይችላል። ስፕሬዩን ራቅ አድርጎ በደረቁ የረጨው ይነጣበታል፣ ቀረብ አድርጎ በእርጥቡ የረጨው ይጠቁርበታል። ቶሎ የሚተን ቲነር ያነጣል፣ የሚዘገየው ያጠቁራል። የአየር ግፊቱም እንደዛው፣ ከፍ ሲል ቀለሙን አድርቆ ያነጣዋል። ጣሳው በደንብ ካልተማሰለ ደግሞ ቅንጣቱ ስር ይቀርና መጀመሪያ የተቀዳውና መጨረሻ የተቀዳው ቀለም አይገናኙም። ይሄ ሁሉ ኮዱ፣ ማለትም ፋብሪካው ለቀለሙ የሰጠው መለያ፣ ሳይነካ ነው እንግዲህ።

ከሜታሊኮቹ ፈታኙ ሰዎች እንደሚያስቡት ጥቁር ግራጫው አይደለም፣ ቀላሉ ሲልቨር ነው። ቪትዝና ያሪስ ላይ የምታዩት የቶዮታ 1ኤፍ7፣ ክላሲክ ሲልቨር የሚባለው፣ አብዛኛው ነገሩ አሉሚኒየም ስለሆነ የቀቢው እጅ ትንሽ ከተዛባ ደመና ደመና የሚመስል ጥላ ይተዋል፣ በሩ ላይ ደግሞ ከጎን ሲታይ ቁልጭ ብሎ ይለያል። ጥቁር ግራጫው፣ ለምሳሌ 1ጂ3 ማግኔቲክ ግሬይ፣ ደመናውን የተሻለ ይደብቃል፣ በምትኩ የስቱኮ (የተጎዳውን ላሜራ መሙያ ልስን) ስራው ሸካራ ከሆነ ማዕበሉን ሁሉ ያወጣዋል፣ የጨርቅ ጭረትና አቧራም አይችልም። ፐርሉ፣ እንደ 1ኢ3 ፋንተም ግሬይ ያለው፣ ጥላ ስር ሜዳ ጥቁር ግራጫ ይመስልና ፀሀይ ላይ ሌላ ሆኖ ይወጣል፣ ስለዚህ ጥላ ስር አይታችሁ "ተመሳስሏል" ብላችሁ ቀሪውን ሂሳብ እንዳትከፍሉ።

ሶሊዱ አሁን አሁን ከኤሌክትሪክ መኪኖቹ ጋር እየበዛ ነው። የኦዲ ናርዶ ግሬይ ኤልዋይ7ሲ ወይም የቶዮታ ሲሜንት 1ኤች5 አይነቱ፣ ብልጭታ የሌለው የተለሰነ ግድግዳ የመሰለው። ለጥገና ከሁሉም የሚመቸው እሱ ነው፣ የሚተኛ ቅንጣት ስለሌለ የረጪው እጅ ብዙ አይለውጠውም፣ አንድ በር ብቻ ተቀብቶ ሊመሳሰል ይችላል። ጣጣው ሌላ ነው፣ ግራጫ ነጭና ጥቁር ብቻ አይደለም፣ ውስጡ ትንሽ ሰማያዊ ወይ ቢጫ ወይ ቀይ አለ፣ እና ቀን በፀሀይ የተመሳሰለው ማታ የመንገድ መብራት ስር አንዱ አረንጓዴ ሊመስል ይችላል። ስለዚህ ሶሊድ ከሆነ ቀንም ማታም እዩት።

ማት የሚባለውን የማያብረቀርቅ ግራጫ ይዛችሁ ከሆነ ፖሊሽ አይነካውም፣ መሀል ላይ ማስማማትም አይቻልም፣ ሙሉውን ክፍል ከጫፍ ጫፍ ነው። እንደ ማዝዳ ማሽን ግሬይ 46ጂ ያለውን በተለየ አሰራር የተደራረበ ቀለም ደግሞ መንገድ ዳር አታሰሩት፣ አንጸባራቂው ድርብ ከተዛባ መመለሻ የለውም። ሁለቱንም በዚሁ ልለፋቸው።

ኮዱ የት ነው፣ ምን ያህልስ ይታመናል

ሊብሬው ላይ ያለው "ግራጫ" ወይ "ሲልቨር" ለቀለም በጥባጭ ምንም አይነግረውም። ቶዮታ ከሆነ የሹፌሩን በር ከፍታችሁ ምሰሶው ላይ ወይም ኮፈኑን አንስታችሁ ከሞተሩ ጀርባ ያለው ላሜራ ላይ የተለጠፈውን ትንሽ ሰሌዳ ፈልጉ፣ ሲ/ቲአር የሚለው ፊደል አጠገብ መጀመሪያ ያለው የቀለሙ ኮድ ነው፣ ቀጥሎ ያለው የውስጥ ልብሱ ነው እሱን ተዉት። ቮልስዋገን ላይ ብዙ ጊዜ ከኋላ ኮፈን ውስጥ ጎማው የሚቀመጥበት አካባቢ ወረቀት ይለጠፋል። የቀለሙን ስም ትታችሁ ኮዱን ያዙ፣ ያው 1ጂ3 አንድ አገር ማግኔቲክ ግሬይ ሌላ አገር ግራፋይት ተብሎ ይሸጣል።

ኮዱን ካገኛችሁ በኋላ ግን አትዝናኑ። አንደኛ፣ አንድ ኮድ በተለያየ ፋብሪካና በተለያየ ጊዜ ሲረጭ ትንሽ ትንሽ ይለያያል፣ ለዛ ነው የቀለም ካምፓኒዎቹ ለአንድ ኮድ ብዙ ፎርሙላ የሚያወጡት፣ አንዱ ወደ ሰማያዊ ያደላ፣ አንዱ ቅንጣቱ ሻከር ያለ፣ አንዱ ነጣ ያለ። ቫሪያንት ይሉታል። "ኮዱ ይሄ ነው በጥብጥልኝ" ካላችሁ የመጀመሪያውን ፎርሙላ ነው የሚሰጣችሁ፣ "ቫሪያንቱን ከመኪናው ጋር እናስተያየው" በሉ፣ የናሙና ካርዶቹ ያሉት ቤት ያወጣላችኋል። ሁለተኛ፣ እኛ አገር ያለ መኪና ስንት እጅ አልፎ እንደመጣ ይታወቃል፣ ቀደም ብሎ ተቀብቶ ከሆነ ኮዱ ስለ ድሮው ቀለም ነው የሚያወራው። የበሩ ጎማ ላይ የቀለም ርጭት፣ ብሎኖቹ ላይ የቁልፍ ጭረት፣ የነዳጅ ክዳኑ ውስጥና የውጩ የተለያየ ከሆነ ተጠራጠሩ። የቀለም ውፍረት መለኪያ ያለው ሰው ካገኛችሁ የፋብሪካ ቀለም ብዙውን ጊዜ ከ100 እስከ 150 ማይክሮን አካባቢ ነው፣ ብዙ መቶ ካነበበ ስር ስቱኮ አለ።

ለማስተያያ የነዳጅ ክዳኑን ፈታችሁ መውሰድ ከሁሉም ይሻላል፣ ኤሌክትሪክ ከሆነ የቻርጅ ክዳኑን፣ ሽቦ ካለው ግን መኪናውን ራሱን ውሰዱት። ከመውሰዳችሁ በፊት በፖሊሽ ፈግፍጉት፣ እዚህ ከፍታ ላይ ፀሀዩ ጠንካራ ነው ክሊሩን፣ ማለትም ከቀለሙ በላይ የሚደረበውን ቀለም የሌለው አንጸባራቂ ሽፋን፣ ያደበዝዘዋል፣ ደብዛዛውን አስመስላችሁ ካስበጠበጣችሁ መኪናው ፖሊሽ የተደረገ ቀን ጉዱ ይወጣል። ፓራውልቱን (የፊትና የኋላ መከላከያውን) ለማስተያያ አትጠቀሙበት። ፓራውልት ፕላስቲክ ነው፣ ከፋብሪካም ለብቻው ተቀብቶ ነው የሚገጠመው፣ ከላሜራው ጋር ትንሽ ልዩነት ያለው አዲስ መኪና ራሱ አለ።

በኮድ፣ በዓይን ወይስ በካሜራ

በኮድ የሚበጠበጠው በሚዛን ስለሆነ ነገ ተመልሳችሁ ያንኑ ማግኘት ትችላላችሁ። ድክመቱን ከላይ ብያለሁ።

በዓይን የሚበጠብጡ ሰዎች አሉ፣ እውነት ለመናገር አንዳንዶቹ እጅ የሚያስነሱ ናቸው፣ ጠብ ጠብ አድርጎ በእንጨት ቀብቶ አጠገቡ ይዞ "ትንሽ ጥቁር ይፈልጋል" ብሎ ይጨርሰዋል። ለሶሊድና ቀድሞ ለተቀባ መኪና ከነሱ የተሻለ የለም፣ ቀድሞ ለተቀባው ኮዱ ዋጋ የለውማ። ችግሩ ግን ሰውየው ያለ ሚዛን ስለሰራው ከሁለት ወር በኋላ ሌላ በር ብትጫሩ እሱም ራሱ አይደግመውም፣ ደግሞ በእንጨት የተቀባ ሜታሊክ ከተረጨው ጋር በጭራሽ አይገናኝም፣ ቅንጣቱ በእንጨት ሲቀባ ሌላ ነው አተኛኘቱ። በዓይን ከሚበጠብጥ ሰው ጋር ከሆናችሁ "ጋሼ፣ ትንሽ ላሜራ ላይ ረጭተው ክሊር ደርበው ያሳዩኝ፣ የሱን እከፍላለሁ" በሉ፣ አክባሪ ሆኖ የጠየቀን ሰው ማንም እምቢ አይልም፣ እምቢ ካለ ደግሞ ጊዜ ተርፎላችኋል ወደሚቀጥለው ሂዱ።

በካሜራ ማለት ቀለሙን የሚያነብ መሳሪያ ነው። ሜታሊክ ከሆነ ከብዙ አቅጣጫ የሚያነብ መሆን አለበት፣ ከአንድ አቅጣጫ ብቻ የሚያነበው ርካሹ ለሶሊድ ነው የሚሆነው። መሳሪያው የሚሰጠው ካሉት ፎርሙላዎች ቅርቡን ነው እንጂ ተአምር አይሰራም፣ የቆሸሸ ወይ የተፋቀ ቦታ ላይ ካስነበባችሁት የቆሸሸ መልስ ይሰጣችኋል። ያለበት ቤት ከከተማ ዳር ብዙ ላይገኝ ይችላል፣ ቀለሙን መሀል ከተማ አስበጥብጦ ስራውን ሰፈር ማሰራት ግን ማንም አይከለክላችሁም፣ እኔ ብሆን ሜታሊክና ፐርል ላይ እንደዛ ነው የማደርገው።

በሶስቱም ግን "ሲደርቅ ይመሳሰላል" የምትለዋን አትቀበሉ። ክሊር ያልተደረበበት ቀለም ደብዛዛ ነው፣ ክሊር ሲያገኝ ጠቆር ደመቅ ይላል፣ እስከዚህ ድረስ እውነት ነው። ክሊር ተደርቦ ደርቆም ከለየ ግን ከዛ በኋላ የሚመጣ ምትሀት የለም።

የፈረሰ መኪና በር መግዛትስ

ሶማሌ ተራ ሄዶ የራስን ቀለም በር ወይ ፓራፋንጎ ፈልጎ መግጠም ብዙ ሰው የሚወደው መንገድ ነው፣ እኔም ለቪትዝና ለኮሮላ አይነቱ ብዙ ላለው መኪና እደግፈዋለሁ። ላሜራው የፋብሪካ ነው፣ ስቱኮ የለውም፣ በብሎን የሚገጠም ከሆነ ቶሎ ያልቃል። ግን አንድ አይነት ኮድ ማለት አንድ አይነት ፀሀይ ማለት አይደለም፣ አንዱ ስንት አመት ጋራዥ ውስጥ የኖረ መኪና ነው ሌላው ለገጣፎ ሜዳ ላይ ሲንቃቃ የከረመ። ከመግዛታችሁ በፊት ከመኪናችሁ አጠገብ ፀሀይ ላይ አቁሙት፣ ፊት ለፊት ብቻ ሳይሆን ጎንበስ ብላችሁ ከጎንም እዩት። ተቀብቶ የመጣ ከሆነ፣ ማለትም ከውስጥ በኩል ሌላ ቀለም ከታየ፣ ጥቅሙ ሁሉ ጠፋ ያኔ ባዶ ላሜራ ገዝታችሁ ማስቀባት ይሻላል። ደረሰኝም ጠይቁ፣ ስፖኪዮ በሌሊት የሚጠፋበት ከተማ ውስጥ የማን በር እንደሆነ ሳያውቁ መግጠም ጥሩ አይደለም።

ሙሉ መኪና ማስቀባት የመጨረሻ አማራጭ ነው። አራት አምስት ቦታ ቀድሞ የተለያየ ግራጫ ከሆነባችሁ አዎ፣ ለአንድ በር ብላችሁ ግን አታድርጉት፣ ሲሸጥም ገዢው "ምን ደርሶበት ነው" ብሎ ዋጋ ይቆርጣል።

ለጠጠር ምቶችና ለትንንሽ ጭረት ደግሞ ቀቢ ጋ አትሂዱ፣ ጥፍራችሁ ካልያዘው ፖሊሽ ይበቃዋል፣ ከያዘው በቀጭን ብሩሽ ነካ ነካ አድርጉት። ሜታሊክ በብሩሽ ሲነካ ጠቆር ይላል፣ ከሩቅ ግን አይታይም ዝገቱንም ያቆማል።

አዲሱ ቀለም የት ጋ ይለቅ

እንግዲህ ዋናው ይሄ ነው። የሰው ዓይን ሁለት ተቀራራቢ ግራጫዎች ስለታም መስመር ላይ ሲገናኙ ነው ልዩነቱን የሚይዘው፣ ያንኑ ልዩነት ቀስ እያለ በአንድ ክንድ ስፋት ውስጥ ብታጠፉት አያየውም። የፊት በር ተመቶ ቀቢው በሩን ብቻ ከጫፍ ጫፍ ቀብቶ ካቆመ መስመሩ በትክክል ከፓራፋንጎው ጋር ይገጥማል፣ እዛ ጋ ፎርሙላው የቱንም ያህል ቢቀርብ ሲልቨር ላይ ይታያል። ማድረግ ያለበት ቀለሙን በሩ ላይ ሙሉ ሰጥቶ ወደ ፓራፋንጎውና ወደ ኋላ በሩ እያሳሳ ማጥፋት፣ ከዛ ክሊሩን ሶስቱም ላይ ከጫፍ ጫፍ መደረብ ነው። ብሌንድ ማድረግ ይሉታል። በስራ ይበዛል፣ ዋጋውም ከፍ ይላል፣ ያልተነካውን ፓራፋንጎ በስስ ብርጭቆ ወረቀት አለስልሶ ክሊር መደረብ ስላለበት ባለቤቶቹ "ደህናውን ክፍል ለምን ትነካብኛለህ" ብለው ይጨቃጨቃሉ፣ ጭቅጭቁ ይገባኛል ግን ቀቢው ነው ልክ። ቀለሙን ሶስቴ አስበጥብጦ በር ብቻ ከማስቀባት አንዴ አስበጥብጦ ብሌንድ ማስደረግ በዋጋም በውጤትም ያዋጣል።

ክሊሩን ግን መሀል ላይ አጥፍቶ እንዳይተው ንገሩት፣ ለጊዜው ያምራል ከዛ ከጠርዙ መላጥ ይጀምራል። ከኋላ ጎማ በላይ ያለው ክፍል ከጣሪያው ጋር የተያያዘ ስለሆነ እዛ ጋ ክሊሩ የት እንደሚቆም ሳይጀመር ተነጋገሩ። ከስር ያለው ፕራይመርም (ከቀለሙ በፊት የሚቀባው መነሻ) ይቆጠራል፣ ግራጫ ቤዝ (ከክሊሩ ስር ያለው ዋናው ቀለም) ስስ ነው ከታች ያለው ያሳልፋል፣ ግማሹ ነጭ ስቱኮ ግማሹ ጥቁር ፕራይመር ላይ ከተረጨ ሁለት ጥላ ይወጣል፣ ከቀለሙ ጋር የሚቀራረብ ግራጫ ፕራይመር ሙሉውን ያልብሰው።

ሜዳ ላይ ወይስ ፎርኖ

ሶሊድ ከሆነ፣ ወሩ ህዳር ከሆነ፣ ቀቢው ንፋስ ሳይነሳ በጠዋት መሬቱን ውሃ ረጭቶ የሚሰራ ከሆነ ሜዳም ያዋጣል፣ ያለቀለት ስራ ሲወጣ አይቻለሁ። ኮዬ ፈጬ አካባቢ አስፋልት ያልገባበት መንገድ ዳር ከሰዓት በኋላ ክሊር ሲረጭ ግን ሲኖትራክ አንዴ ካለፈ በቃ ነው። ለሜታሊክ ፎርኖ (መኪናው ገብቶ የሚቀባበትና በሙቀት የሚደርቅበት ዝግ ክፍል) ያለው ቤት የተሻለ የሚሆነው በአቧራው ምክንያት ብቻ አይደለም፣ ሙቀቱ አንድ አይነት ስለሆነ ቀለሙ በሁሉም ቦታ እኩል ይደርቃል፣ ስድስት ሰዓት ፀሀይ ላይ ኮፈኑ ግሎ የተረጨው ነጥቶ ጥላ ያለው በር ጠቁሮ አይወጣም። ክረምት ላይ ደግሞ ሱሉልታና ቡራዩ በኩል ያለው ብርድና እርጥበት ቀለሙ ላይ ነጭ ጉም ሊያመጣ ይችላል፣ ፎርኖ ካልተገኘ እስከ መስከረም መጨረሻ ብትታገሱ ይሻላል፣ ባዶ የወጣውን ላሜራ ብቻ ፕራይመር አስደርጉበት እንዳይዝግ።

ኤሌክትሪክ መኪና ያላችሁ ፎርኖ ከመግባቱ በፊት ባትሪው ስንት ዲግሪ ለስንት ደቂቃ እንደሚችል የመኪናውን መመሪያ እዩ፣ ክሊር የሚጋገረው አብዛኛውን ጊዜ 60 ዲግሪ አካባቢ ነው። ፓራውልቱ ጀርባ ራዳር ካለ ደግሞ ሜታሊክ ቀለም ተደራርቦ ሲወፍር ራዳሩን ሊያደናቅፈው ይችላል፣ ስለዚህ አሮጌው ላይ መደረብ ሳይሆን ፍቆ መቀባት፣ ስቱኮማ እዛ ቦታ ላይ ፈጽሞ።

ሂሳብ ስትዘጉ የተረፈውን ቀለም በትንሽ ጠርሙስ አሽጋችሁ ውሰዱ፣ የፎርሙላውን ወረቀት ፎቶ አንሱት፣ የትኛው ቫሪያንት እንደሆነና የትኛው ክፍል ላይ እንደተረጨ ጻፉበትና ቴሌግራማችሁ ላይ ለራሳችሁ ላኩት፣ ባጃጅ በሚቀጥለው የሚጭራችሁ በዛኛው ጎን ሊሆን ይችላልና።